በጾሙ ያጠፋሁት ሰፈር

ነገሩ የጀመረው ያለፈው ዓቢይ ጾም ሊገባ ሁለት ቀን ሲቀረው ነው። እስከ ዛሬ ከአእምሮዬ ያልወጣው ጥፋቴ ትልቅ ስለነበረ ብቻ አይደለም። ጥፋቴን የነገርኳቸው ሰው የመለሱልኝን መልስ ፈጽሞ ስላልጠበቅኩት ነው።

በመጀመሪያ ስለ ራሴ ልናገር። ሰብለ እባላለሁ፤ ፒያሳ አንድ ወርቅ ቤት ተቀጥሬ እሠራለሁ። ቀኑን ሙሉ ከባንኮኒ ጀርባ ቆሜ ለሙሽሮች ቀለበት ሳስለካ ስለምውል ድምፄ እንኳ ከፍ አይልም። ቤቴ ገብቼ የጌም ማሽኔን ስከፍት ግን ሌላ ሰው ነኝ። በሠላሳ አራት ዓመቴ ከማላውቃቸው ሰዎች ጋር በኢንተርኔት ኳስ እጫወታለሁ፤ ሲያገቡብኝ ደግሞ በማይክ እሳደባለሁ። የሥራ ጓደኞቼ "አንቺ መቼ ነው የምታድጊው?" እያሉ ይቀልዱብኛል። ይቀልዱ። ቁጡ ነኝ፣ እልኸኛ ነኝ፣ አንድ ነገር ስጀምር ደግሞ ግማሽ አልወድም። ጉድ የሠራኝም ይኸው ጠባዬ ነው።

ያደግኩት ከውቤ በረሃ ወረድ ብሎ በነበረ ሰፈር ውስጥ ነው። አሥራ አንድ ቤት በአንድ ጠባብ መተላለፊያ ግራና ቀኝ ተደርድሮ፣ መግቢያው ላይ ቦኖ ውሃ፣ መሀሉ ላይ ማንም የኔ ነው የማይለው የኮክ ዛፍ ነበረ። ሰፈሩ ለልማት ሲነሳ ሰዉ በየኮንዶሚኒየሙ ተበተነ። እናቴ ከዚያ በፊት ስላረፈች ይህን አላየችም። እኔ ለሥራዬ እንዲቀርበኝ ብዬ እዚያው ፒያሳ አንድ አሮጌ ፎቅ ላይ፣ በእንጨት ደረጃ የሚወጣ አንድ ክፍል ተከራየሁ።

ከኳሱ ሌላ አንድ ጌም ነበረኝ። ኩብ በኩብ እየደረደሩ ያሻቸውን የሚሠሩበት ነው፤ ቤት ቢሉ ቤት፣ መንገድ ቢሉ መንገድ። ተጋጣሚ የለው፣ ማሸነፍ መሸነፍ የለው። ሰፈሩ በፈረሰ በወሩ፣ ዝናብ የያዘው አንድ ቅዳሜ ከሰዓት፣ እጄ ዝም ብሎ ቦኖውን ሠራ። ከዚያ ከቦኖው አጠገብ ያለውን ቤት ሠራሁ። ከዚያ ቀጣዩን። ስድስት ወር ፈጀብኝ፤ አሥራ አንዱን ቤት፣ የኮኩን ዛፍ፣ የድንጋዩን ደረጃ፣ ሁሉንም ጨረስኩት።

ሰው ብቻ አልነበረበትም። በጌሙ ውስጥ ፀሐይ ቶሎ ወጥታ ቶሎ ትጠልቃለች፤ ቁጭ ባልኩበት አንድ ሰዓት ውስጥ ሦስት ጊዜ ይመሻል፣ ሦስት ጊዜ ይነጋል። ብርሃኑ ከቆርቆሮ ወደ ቆርቆሮ ሲሄድ እያየሁ ሻዬ ይቀዘቅዝ ነበር። አንዳንዴ ቤቱ ውስጥ ያለሁ ይሁን ሰፈር ውስጥ ለይቼ አላውቅም።

ጋሽ ይልማ የእድራችን ጥሩምባ ነፊ ነበሩ። ሰው ሲሞት ጎህ ሲቀድ ጥሩምባቸውን ይዘው ከቦኖው ጀምረው በየደጁ ይቆማሉ። በር አያንኳኩም። የቤቱን ባለቤት ስም ጠርተው ማን እንዳረፈና ቀብሩ በስንት ሰዓት እንደሆነ ይናገራሉ፤ ከውስጥ "ሰምተናል" እስኪባሉ ድረስ ከዚያ ደጅ ንቅንቅ አይሉም። ሠላሳ ዓመት እንዲህ አድርገዋል። የእናቴንም ሞት የተናገሩት እሳቸው ናቸው። ያን ዕለት ዘጠነኛው ደጅ፣ የኛው ቤት ጋ ሲደርሱ የሚጠራ ስም አጥተው፣ ባርኔጣቸውን አውልቀው ቆመው ቆይተው አለፉ። በመስኮት አይቻቸዋለሁ።

ሰፈሩ ከተበተነ በኋላ እድሩ ሞትን በስልክ መናገር ጀመረ፣ ጥሩምባውም ተሰቀለ። ጋሽ ይልማ ከልጃቸው ከትዕግሥት ጋር ከከተማው ጫፍ ኮንዶሚኒየም ገቡ። እሑድ እሑድ ግን በአውቶቡስ እየመጡ ጊዮርጊስ ያስቀድሳሉ።

አንድ እሑድ ከቅዳሴ በኋላ ምኒልክ አደባባይ ጠርዝ ላይ ቆመው አገኘኋቸው። ነጠላቸውን እንዳደገደጉ ወዲያና ወዲህ ያያሉ።

"ጋሼ፣ ምን ሆነው ነው?" አልኳቸው።

"ቤቴ ልሄድ ነበር" አሉኝ። "መንገዱን ምን አደረጉት?"

ሊሄዱ የነበረው ወደ ፈረሰው ሰፈር ነው። ክንዳቸውን ይዤ ቤቴ ወሰድኳቸውና ሻይ አፈላሁ። ላጫውታቸው ብዬ ቴሌቪዥኑን ከፍቼ የሠራሁትን ሰፈር አሳየኋቸው። ወንበራቸውን ወደ ፊት ሳብ አደረጉና "እስቲ ከቦኖው ጀምሪልኝ" አሉ።

ከቦኖው ጀመርኩ። የመጀመሪያው በር ጋ ስንደርስ እጃቸውን አነሱ፤ ቆምኩ። "አስካለ!" ብለው ተጣሩ፣ ለስለስ ባለ ድምፅ። ከዚያ ጠበቁ። ገርሞኝ ዘወር ስል እኔን ነው የሚያዩት። ጊዜ ወሰደብኝ እንጂ ገባኝ።

"ሰምተናል" አልኩ።

"ቀጥዪ" አሉ።

እንዲህ እያልን አሥራ አንዱንም ደጅ ዞርን፤ ዘጠነኛውን፣ የእናቴን ቤት ብቻ፣ እንደ ያኔው ስም ሳይጠሩ አለፉት። ከዚያ ወዲያ እሑድ እሑድ ሥራችን ይኸው ሆነ። ማንም አልሞተም፣ ቀብርም የለም፤ ስም መጥራትና "ሰምተናል" ማለት ብቻ። በመስኮት የደወሉ ድምፅ ይገባል፣ በጌሙ ውስጥ ፀሐይዋ ትወጣለች ትጠልቃለች፣ እሳቸው ይጣራሉ፣ እኔ እመልሳለሁ። በሕይወቴ እንደዚያ ዓይነት ሰላም አላውቅም።

ከሁለት ወር በኋላ ትዕግሥት ደወለችልኝ። አባቷ መርሳት ጀምረዋል፤ ሐኪም ቤትም ወስዳቸዋለች፣ መድኃኒትም ይወስዳሉ። "እሑድ አንቺ ጋ ከዋለ ግን እስከ ሐሙስ ድረስ ደህና ነው። ስማችንን አይስትም፣ ስለ ድሮው ያጫውተናል። ምን ታደርጊዋለሽ?" አለችኝ። ነገርኳት። "በእናትሽ እንዳታቋርጪበት" አለች።

አቋረጥኩባቸው።

ለጾሙ ለመዘጋጀት የንስሐ አባቴ ጋ ሄጄ የስድቡን ነገር ተናገርኩ። የማላውቀውን ሰው እናት አባት እያነሳሁ እንደምሳደብ ስነግራቸው አባ አፋቸውን በነጠላ ሸፈኑ፤ ይሳቁ ይዘኑ እስካሁን አላወቅኩም። "ለጾሙ ተዪው" አሉኝ። ያሉት ይህንኑ ብቻ ነው። ሰው በጾም ፌስቡኩን ይዘጋል፣ ቲክቶኩን ያጠፋል፤ ለፋሲካ ይመለሳል። እኔ ግን ግማሽ አልወድ! የዚያኑ ቅዳሜ ከሰዓት ማሽኑን ከፈትኩና አካውንቴን ከነአካቴው አጠፋሁት።

ማሽኑ "እርግጠኛ ነሽ?" ብሎ ሦስት ጊዜ ጠይቆኛል። በእንግሊዝኛ የተጻፈ ረጅም ማስጠንቀቂያም ነበረው። ምን ይነዘንዘኛል ብዬ ሳላነብ ተጫንኩት። ሰፈሩን ረስቼው አልነበረም። ሰፈሩ እዚያው ማሽኑ ውስጥ ተቀምጦ የሚጠብቀኝ መስሎኝ ነው፤ ሳጥን ውስጥ እንደተቀመጠ ልብስ። ማሽኑን በእናቴ አሮጌ ነጠላ ጠቅልዬ ቁም ሳጥኑ ላይ ሰቀልኩት። ከዚያማ በራሴ ኮራሁ፣ ቀለለኝም።

በማግስቱ ጋሽ ይልማ መጡ። "ጋሼ፣ እስከ ፋሲካ ጌም አልከፍትም" አልኳቸው።

"ይሁን ልጄ፣ ጾም ነው" አሉ። ሻይ ጠጡ፣ ጥቁሩን ቴሌቪዥን ትንሽ አዩትና ሄዱ። የሚቀጥሉትን እሑዶችም መጥተዋል። አንድ ጊዜ ልወጣ ብለው የቁም ሳጥኑን በር ከፈቱ። ሌላ ጊዜ ደግሞ ስሜን ፈልገው አጡት፤ "አንቺ ልጅ" ብለው አለፉት። እኔ ግን ጾሙ ሊጋመስ ነው፣ ያልቃል እያልኩ ራሴን አጽናናሁ። ከደብረ ዘይት በኋላ መምጣት አቆሙ። ትዕግሥት እንደነገረችኝ ከአውቶቡስ ያለቦታቸው ወርደው ቸርችልን ቁልቁል ሲሄዱ ነው የተገኙት፤ ወዴት እንደሚሄዱ ሲጠየቁ "ሰው ሞቷል፣ መናገር አለብኝ" ብለዋል።

በዚያ ሰሞን በሕልሜ ሰፈሩን ደጋግሜ አየሁት። በሕልሜ በየቤቱ ሰው አለ፤ መጋረጃው ይንቀሳቀሳል፣ ከኮኩ ሥር ልብስ ታጥቦ ተሰጥቷል። ድምፅ ግን የለም። "ሰምተናል" ልል አፌን እከፍታለሁ፣ አይወጣልኝም። ስነቃ ቁም ሳጥኑን ቀና ብዬ አያለሁ። ፋሲካ ብቻ ይድረስ፣ የዚያኑ ዕለት እከፍትላቸዋለሁ እል ነበር።

የፋሲካ ዕለት ከሰዓት ነጠላውን ፈትቼ ማሽኑን አወረድኩት። ኢሜይሌን አስገባሁ፣ ፓስወርዴን አስገባሁ። እንዲህ የሚባል አካውንት የለም አለኝ። የተሳሳትኩ መስሎኝ ደገምኩት። የለም። ከዚያ ነው በኢሜይል የላኩልኝን ደብዳቤ ፈልጌ ያነበብኩት። ሠላሳ ቀን ድረስ ሐሳቤን ብቀይር ሁሉንም መልሶ ማግኘት እችል ነበር። ከሠላሳ ቀን በኋላ አካውንቱም እሱ ላይ የተቀመጠውም ሁሉ ለሁልጊዜው ይጠፋል። የኔ ጾም ደግሞ ሃምሳ አምስት ቀን ነው። በጣቴ ቆጠርኩ፤ ሠላሳኛው ቀን የደብረ ዘይት ማግስት ነበር። ማሽኑን ነጠላ አልብሼ ሳከብረው፣ ሰፈሩ ለሁለተኛ ጊዜ ፈርሷል።

ለድርጅቱ ጻፍኩ። በሁለተኛው ቀን በትሕትና መለሱልኝ፤ ማድረግ የምንችለው ነገር የለም አሉ። እውነታቸውን ነው፣ ሦስት ጊዜ ጠይቀውኛል። አባ ጋ ሄጄ አለቀስኩ። "ልጄ፣ እኔ ስድቡን ተዪ አልኩ እንጂ ሽማግሌ መጠየቅን መቼ ተዪ አልኩሽ?" አሉኝ። ምን ይመለሳል?

አዲስ አካውንት ከፍቼ ሳምንቱን ከሥራ እየተመለስኩ ሰፈሩን እንደገና ልሠራው ሞከርኩ። ቸኩዬ ቦኖውንና ሦስት ቤት ብቻ አደረስኩ። አራተኛው ላይ መስኮቱ በየት በኩል እንደነበረ ጠፋኝ። ያኔ ፈራሁ። ሰፈሩን የማውቀው እኔ ሳልሆን ያ የሠራሁት ነገር ነበር እንዴ አልኩ።

የዳግም ትንሣኤ ዕለት ትዕግሥት አባቷን ይዛ መጣች። የእንጨቱን ደረጃ በእሷ ተደግፈው ወጡ። ከስተዋል። የተለመደው ወንበራቸው ላይ ተቀምጠው ቴሌቪዥኑን ማየት ጀመሩ። ልዋሽ አስቤ ነበር፤ ተበላሽቷል፣ ይጠገናል ልላቸው። ፊታቸውን ሳይ አቃተኝ።

"ጋሼ፣ ሰፈሩ ጠፋ" አልኩ።

"የቱ ሰፈር?"

"እኔ የሠራሁት። በገዛ እጄ አጠፋሁት። አይመለስም አሉኝ።"

ተንሰቅስቄ አለቀስኩ። ትዕግሥት ጭንቅላቷን ይዛ አልጋው ጫፍ ላይ ቁጭ አለች። ጋሽ ይልማ ግን በወንበሩ መደገፊያ ተመርኩዘው ተነሱ። ባርኔጣቸውን አውልቀው ጠረጴዛው ላይ አኖሩ። ክፍሌ መሀል ቆመው ዓይናቸውን ጨፈኑ።

"ቦኖው እዚህ ነው" አሉ። አንድ እርምጃ ሄደው ቆሙ። "አስካለ!"

እንባዬን ጠረግሁ። "ሰምተናል።"

"የአስካለ በር ሰማያዊ ነው" አሉ፣ ዓይናቸውን ሳይገልጡ። "አንቺ አረንጓዴ ቀብተሽው ነበር።"

አንድ እርምጃ ቀጠሉ። "ይሄኛው ወደ ውስጥ ነው የሚከፈተው። አንቺ ወደ ውጭ አደረግሽው። የድንጋዩ ደረጃ ደግሞ ስምንት ነው፤ አንዱን በልተሽዋል።"

"ጋሼ፣ ታዲያ ይህን ሁሉ ጊዜ ለምን አልነገሩኝም?"

"ስድስት ወር የደከምሽበትን? እንዳይከፋሽ ነዋ" አሉ። "ደግሞ ጠቅሞኛል። ልክ የሆነውን ዝም ብዬ አልፈዋለሁ። የተሳሳትሽው ጋ ስደርስ በሆዴ የለም፣ እንዲህ አልነበረም እላለሁ። ያኔ ሁሉም ይመጣልኛል። ሰውየውም፣ ድምፁም፣ የወጡ ሽታም።"

ትዕግሥት ቀና ብላ አየችኝ። እሳቸው ቀጠሉ። ክፍሌ ስድስት እርምጃ አይሞላም፤ እሳቸው ግን ግድግዳው ጋ ሲደርሱ ዞር እያሉ፣ በወንበሩና በአልጋው መካከል እየተጠማዘዙ ሙሉውን መተላለፊያ ሄዱት። ከኮኩ ዛፍ ሥር ጎንበስ ብለው አለፉ፤ ቅርንጫፉ ባርኔጣ ይመታ እንደነበር ያኔ ነው ትዝ ያለኝ። ስም ይጠራሉ፣ እመልሳለሁ። አምስተኛ፣ ስድስተኛ፣ ሰባተኛ። በየደጁ አንድ ስህተቴን ይነግሩኛል። ስምንተኛውን አለፉ።

ዘጠነኛው ጋ ቆሙ። እጃቸውን አነሱ። ስም አልወጣም። ዓይናቸውን ገለጡና ግድግዳዬን አዩት፣ ከዚያ እኔን።

"ይቺ የማን ነበረች?" አሉኝ።

የእናቴ ቤት ነው። የእኔው ቤት። ያን ቤት ስሠራው አንድ ቀን ሙሉ በሩ ላይ ብቻ ነበርኩ። ቡናማው በር፣ ዝናብ የበላው የታችኛው ጥግ፣ እናቴ በዘይት ቆርቆሮ ያስጠገነችው። ከአሥራ አንዱ ቤት ምንም ስህተት ያልነበረበት እሱ ብቻ ነው። ለዚህ ነው ለካ ዝም ብለው ሲያልፉት የኖሩት።

"የአልማዝ ቤት ነው፣ ጋሼ" አልኩ።

"አልማዝ" አሉ ቀስ ብለው፣ ስሙን ለመጀመሪያ ጊዜ እንደሰማ ሰው። ከዚያ ድምፃቸውን ከፍ አድርገው ተጣሩ። መመለስ የእኔ ተራ ነበር፤ እኔ ግን ፊቴን በእጄ ሸፈንኩ። ከአልጋው ጫፍ ትዕግሥት "ሰምተናል" አለችልኝ።

ይህ ከሆነ ወራት አልፈዋል። እሑድ እሑድ ሰፈሩን እንደገና እየሠራን ነው። አሁን ስህተቴን በሆዳቸው አይዙትም፤ "ወደ ግራ፣ ወደ ግራ፣ አንቺ ፋራ" እያሉ ያዙኛል። አራዳው ሽማግሌ ፋራ ሲሉኝ ደስ ይለኛል። የአስካለ በር ሰማያዊ ሆኗል፣ ደረጃውም ስምንት ነው። ኮፒውን ሦስት ቦታ አስቀምጫለሁ። ስድቡን ትቻለሁ ብል ውሸት ነው፤ ቀንሻለሁ።

ጋሽ ይልማ ድነዋል ማለቴ አይደለም። አንዳንድ እሑድ ሁለት ስም ይጠፋቸዋል፣ አንዳንዴ ሦስት። ያ ሃምሳ አምስት ቀን ምን ያህሉን እንደወሰደባቸው አላውቅም፤ ይህን ሳስብ አሁንም ያመኛል። ማሽኑ "እርግጠኛ ነሽ?" ባለኝ ጊዜ የተጫነችው ጣቴ ትታየኛለች።

የእናቴን በር ግን አውቄ አሳሳትኩት። ቡናማ መሆኑን እያወቅኩ ደማቅ ቀይ ቀባሁት፤ የቆርቆሮውንም ጥገና ተውኩት። መጀመሪያ ያዩት ዕለት ዘጠነኛው ደጅ ጋ ስንደርስ እጃቸውን አነሱና ቆሙ። ቀዩን በር ረጅም ጊዜ አዩት። ግንባራቸው ተቋጠረ። ከዚያ ዞር ብለው እኔን አዩኝ፤ ከንፈራቸው ሊናገር ከፈት ብሎ ነበር፣ መልሰው ዘጉት። ሌላውን ሁሉ ሲያርሙ የዋሉት ሰውዬ እሱን እንዳይከፋኝ ብለው ተዉት።

"አልማዝ!" ብለው ተጣሩ።

"ሰምተናል" አልኩ።